የኮንግረስ አባል ለሹመት ሲታጭ ሕጋዊ ብቁነቱን እንዴት መመርመር ይቻላል

የኢትዮጵያ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 74 ጠቅላይ ሚኒስትሩ ዕጩ ሚኒስትሮችን ከሁለቱ ምክር ቤቶች አባላት መካከልም ሆነ ከውጭ እንዲያቀርብ ስለሚፈቅድ፣ የምክር ቤት አባል ሚኒስትር ሲሆን ማየት ለእኛ እንግዳ አይደለም። በአሜሪካ ግን የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 1 ክፍል 6 ሁለት ክልከላዎችን ያስቀምጣል። አንደኛው በፌዴራል መንግሥት ሥልጣን ላይ ያለ ሰው በዚያው ጊዜ የኮንግረስ አባል እንዳይሆን ይከለክላል፤ ይህ ተሿሚው ከምክር ቤቱ ሲለቅ ያበቃል። አስቸጋሪው ሌላው ክልከላ ነው። ሴናተር ወይም የተወካዮች ምክር ቤት አባል በተመረጠበት ዘመን ውስጥ፣ በዚያው ዘመን ለተፈጠረ ወይም ደመወዙ ለጨመረ የሲቪል ሥልጣን ሊሾም አይችልም።

እንዲህ ያለ ሹመት በዜና ሲሰማ አስቀድሞ ቀኖቹን በወረቀት ላይ ማስፈር ይገባል፤ የተመረጠበት ዘመን መቼ ጀምሮ መቼ እንደሚያበቃ፣ ሥልጣኑ መቼ እንደተፈጠረ ወይም ደመወዙ መቼ እንዳደገ፣ ሹመቱስ መቼ እንደሚፈጸም። እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚስተው ነገር አለ። ሕጉ የሚቆጥረው ሰውየው የተመረጠበትን ዘመን እንጂ በወንበሩ ላይ የቆየበትን ጊዜ አይደለም። ሳሙኤል ኪርክውድ እ.ኤ.አ. በ1881 ከሴኔት ለቅቀው ነበር፤ የተመረጡበት ዘመን የሚያበቃው ግን በ1883 ስለነበር፣ በ1882 በተቋቋመው የታሪፍ ኮሚሽን ውስጥ ሊሾሙ እንደማይችሉ ጠቅላይ ዐቃቤ ሕጉ አስተያየት ሰጡ። እንግዲህ መልቀቂያ ማስገባት ብቻውን ክልከላውን አያነሳም።

ቀኖቹ ከተጋጩ፣ ኮንግረስ ደመወዙን ወደ ቀድሞው መጠን መልሶ እንደሆነ መፈለግ ነው። ይህ መንገድ በ1909 ለውጭ ጉዳይ ሚኒስትሩ ፊላንደር ኖክስ ሠርቷል፤ «የሳክስቢ መፍትሔ» የሚለውን ስሙን ያገኘው ግን ከሴናተር ዊልያም ሳክስቢ ነው። ሳክስቢ በ1973 ለጠቅላይ ዐቃቤ ሕግነት ሲታጩ ደመወዙ በሴናተርነት ዘመናቸው ከ35,000 ወደ 60,000 ዶላር አድጎ ስለነበር፣ ኮንግረስ ወደ 35,000 መለሰው። ሂላሪ ክሊንተንም ለውጭ ጉዳይ ሚኒስትርነት ሲታጩ፣ በሴናተርነት የተመረጡበት ዘመን ከጥር 2007 እስከ ጥር 2013 የሚዘልቅ ሆኖ ሳለ፣ የውጭ ጉዳይ ሚኒስትሩ ደመወዝ በ2008 መጀመሪያ ከ186,600 ወደ 191,300 ዶላር ከፍ ብሎ ነበር፤ በዚያው ዓመት ታኅሣሥ የወጣው ሕግ ወደ 186,600 መለሰው።

ይህ መፍትሔ በቂ ነውን? የፍትሕ ሚኒስቴር የሕግ አማካሪ ቢሮ ራሱ በ1987 አይበቃም ሲል፣ በ2009 ደግሞ ይበቃል ብሏል። ሁለተኛው ወገን የሚመለከተው የክልከላውን ዓላማ ነው፤ አባሉ ራሱ ባሳደገው ደመወዝ እንዳይጠቀም መከላከል። በእኔ ግምት ግን የቃሉ ክብደት ያለው በመጀመሪያው ወገን ነው፤ ምክንያቱም ሕገ መንግሥቱ የሚጠይቀው በዘመኑ ውስጥ ጭማሪ መደረግ አለመደረጉን እንጂ፣ በሹመቱ ዕለት የሚከፈለውን መጠን አይደለም።

ቀጥሎ የሚመጣው ጥያቄ ማን ሊከስ ይችላል የሚለው ነው። ከፊተኛው ጋር ፈጽሞ ሊቀላቀል አይገባም። በአገራችን የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 33 ከሳሽ በክርክሩ ላይ መብት ወይም ጥቅም ሊኖረው እንደሚገባ እንደሚደነግግ ሁሉ፣ የአሜሪካ ፍርድ ቤቶችም በግል የደረሰ ጉዳት እንዲታይ ይጠይቃሉ። በ1937 የሴናተር ሁጎ ብላክን የጠቅላይ ፍርድ ቤት ዳኝነት የተቃወመ አንድ የሕግ ባለሙያ፣ ከማንኛውም ዜጋ የተለየ ጉዳት አላሳየም ተብሎ አቤቱታው ውድቅ ሆነ። የተወካዮች ምክር ቤት አባል በነበሩት በአብነር ሚክቫ ዳኝነት ላይ ደግሞ ኮንግረስ አባላቱ እንዲከሱ የሚፈቅድ ሕግ እስከማውጣት ደርሶ፣ ሴናተር ጄምስ ማክሉር ያቀረቡት ክስ በ1981 በዚሁ ምክንያት ተዘጋ። በክሊንተን ሥር ይሠራ የነበረ አንድ የውጭ ጉዳይ ሠራተኛም የሥራ ሁኔታው በሹመቱ ምክንያት እንደተለወጠ ስላላሳየ፣ በጥቅምት 2009 ሦስት ዳኞች ክሱን ሳይቀበሉት ቀሩ።

ስለዚህ ውሳኔ ሲነበብ ከውጤቱ ይልቅ ምክንያቱን መፈለግ ያስፈልጋል። ክሱ ከሳሹ መብት የለውም ተብሎ ከተዘጋ፣ ፍርድ ቤቱ ሹመቱ ሕጋዊ ነው አላለም፤ ሕገ ወጥ ነው ደግሞም አላለም። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ደመወዝ የመመለሱ መንገድ ያዋጣል ወይስ አያዋጣም በሚለው ፍሬ ነገር ላይ ፍርድ ሰጥቶ አያውቅም። «ፍርድ ቤት አጸደቀው» የሚል ዜና ይህን ልዩነት ይደፈጥጠዋል፤ አንባቢን ያሳስታልና ዝም ተብሎ ሊታለፍ አይገባም።

የፍርድ ቤት በር ይህን ያህል ጠባብ ከሆነ፣ በአሜሪካ ድምፅ የመስጠት መብት ያለው አንባቢ ተቃውሞውን ማቅረብ ያለበት ሴኔቱ ሹመቱን ከማጽደቁ በፊት ነው። ደመወዝ የሚመልሰው ሕግ በሁለቱም ምክር ቤቶች ማለፍ ስላለበት፣ ለሁለቱ ሴናተሮቹ ብቻ ሳይሆን ለተወካዩም መጻፍ ይችላል። በደብዳቤው ላይ ቀኖቹንና የደመወዙን መጠኖች አስቀድሞ፣ የአንቀጹን ቃል አስከትሎ፣ የጠየቀው አንድ ነገር ብቻ ቢሆን ይመረጣል፤ ይኸውም ሴኔቱ ዕጩውን በሚጠይቅበት ስብሰባ ላይ ጥያቄው በግልጽ እንዲነሳ ነው።