በነፃ ስንብት ላይ በሚቀርብ ይግባኝ ሊያስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

«በነፃ ከተሰናበተ አለቀ» ማለት
አላለቀም። በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ በቁጥር 185 ዐቃቤ ሕግ በነፃ ስንብት ላይም ይግባኝ እንዲጠይቅ ይፈቅዳል። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 23 ድጋሚ ከመከሰስ የሚጠብቀው በመጨረሻ ውሳኔ በነፃ የተለቀቀን ሰው ነው። የይግባኙ ጊዜ ሳያልፍ ወይም ይግባኙ እየታየ ሳለ ይህን አንቀጽ ጠቅሶ መከራከር አያዋጣም።

ብይንን ከፍርድ አለመለየት
ብዙ ይግባኝ የሚበላሸው እዚህ ላይ ነው። ተከሳሽ በሁለት የተለያዩ ደረጃዎች በነፃ ሊሰናበት ይችላል። የመጀመሪያው የዐቃቤ ሕግ ማስረጃ ተሰምቶ እንዳለቀ፣ ተከሳሹ መከላከል ሳያስፈልገው በቁጥር 141 በብይን የሚሰናበትበት ነው። በዚህ ደረጃ የሚጠየቀው «ይህ ማስረጃ ካልተስተባበለ ለጥፋተኝነት ያበቃል ወይ?» የሚለው ብቻ ነው። ሁለተኛው የሁለቱም ወገን ማስረጃ ተመዝኖ በቁጥር 149 የሚሰጠው ፍርድ ሲሆን፣ እዚህ ጥርጣሬ ካለ ለተከሳሹ ይተረጎማል።

ልዩነቱ የሚጠየቀውን ዳኝነት ይለውጠዋል። በ141 የተሰጠ ብይን ላይ ይግባኝ ሲባል መጠየቅ ያለበት «ብይኑ ተሽሮ ተከሳሹ ይከላከል» ነው። «ጥፋተኛ ይባልልን» ብሎ መጻፍ ግን ገና መከላከያውን ያላሰማ ሰው ይፈረድበት እንደማለት ነው፤ የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 20 ማስረጃ የማሰማት መብቱን ያስከብርለታል። በ149 የተሰጠው ላይ ከሆነ ይግባኝ ሰሚው በቂ ምክንያት ሲያገኝ ፍርዱን ሽሮ ጥፋተኛ ሊልና ሊቀጣ ይችላል።

ቅሬታን በጥቅሉ መጻፍ
«የሥር ፍርድ ቤት ማስረጃውን በአግባቡ ሳይመዝን ተከሳሹን በነፃ ማሰናበቱ ስህተት ነው» የሚል ዐረፍተ ነገር በየመዝገቡ አለ። ምንም አይነግርም። ምስክሮቹን በዓይኑ ያየው፣ ሲናገሩም የሰማው ክሱን መጀመሪያ ያየው የሥር ፍርድ ቤት ነው፤ ይግባኝ ሰሚው አብዛኛውን ጊዜ የሚያነበው የተጻፈውን ቃል ነው። ስለዚህ «እኛ በሌላ መንገድ እንመዝነው ነበር» ብቻውን ነፃ የተባለን ሰው ለመመለስ አይበቃም። ስህተቱ ከመዝገቡ ተነቅሶ መታየት አለበት፤ ለምሳሌ እንዲህ፦

«2ኛው ምስክር ተከሳሹን በ3 ሜትር ርቀት፣ በበረንዳው መብራት እንዳየው መስክሯል። ፍርዱ ቃሉን ውድቅ ያደረገው ‹ጨለማ ስለነበር› በሚል ነው። ጨለማ ነበር ያለ ምስክር ግን በመዝገቡ የለም።»

እንዲህ ያለ አንድ ነጥብ ከ10 ገጽ እሮሮ ይበልጣል። ዳኛው ገጹን ገልጦ ወዲያው ሊያረጋግጠው ይችላልና።

ጊዜውን ከግልባጩ ቀን መቁጠር
በቁጥር 187 መሠረት ሁለት ጊዜያት አሉ። ይግባኝ መጠየቁን የሚገልጸው ማስታወቂያ ውሳኔው ከተሰጠበት ጊዜ አንሥቶ በ15 ቀን ውስጥ ውሳኔውን ለሰጠው ፍርድ ቤት ሬጅስትራር ይቀርባል። ዝርዝር ቅሬታው የሚቀርበው የውሳኔው ግልባጭ ከደረሰ በኋላ በ30 ቀን ነው። ግልባጩን እየጠበቁ 15ቱን ቀን ማሳለፍ የተለመደ ጥፋት ነው። ያለፈበት ይግባኝ በቁጥር 191 የሚፈቀደው መዘግየቱ በራሱ በይግባኝ ባዩ ጥፋት ካልመጣ ነው።

የግል ተበዳይ ራሱ ይግባኝ እንዲል መጠበቅ
በዐቃቤ ሕግ በተያዘ ክስ ይግባኙ የዐቃቤ ሕግ ነው። ተበዳዩ ወይም ቤተሰቡ ማድረግ የሚችሉት በእነዚያው 15 ቀናት ውስጥ ክሱን ወደ ያዘው ዐቃቤ ሕግ ቢሮ ሄደው፣ ፍርዱ ሳይመለከት ያለፈውን ማስረጃ በጽሑፍ እየጠቆሙ ይግባኝ እንዲጠየቅ ማመልከት ነው።

አዲስ ማስረጃ በይግባኝ ማቅረብ
ይግባኝ ሰሚው ተጨማሪ ማስረጃ መቀበል ቢችልም (ቁጥር 194) ይህ ልዩ ሁኔታ ነው። መጀመሪያ ሳይጠራ የቀረን ምስክር ማካካሻ አይደለም።

መልስ ሰጭው እጁን አጣጥፎ መቀመጥ
ነፃ የወጣ ሰው «ፍርዱ ለእኔ ነው» ብሎ ይግባኙን ቸል ሲል በጣም ያሳስባል። ይግባኙ ያስቀርባል (መልስ ሰጭው ቀርቦ ይከራከርበት) ተብሎ መጥሪያ ከደረሰ፣ መልስ የማይሰጥ ሰው ለችሎቱ የሚተወው የዐቃቤ ሕግን ወረቀት ብቻ ነው። መልሱ ፍርዱን ከመደገፍ ባለፈ የሥር ፍርድ ቤት ሳይደርስበት የቀረውንም መከራከሪያ ማንሳት አለበት፤ ለምሳሌ ምስክሩ ታምኖም ቢሆን የወንጀሉ ሐሳባዊ ፍሬ ነገር (አስቦ ወይም በቸልተኝነት ማድረጉ) አልተረጋገጠም ማለት ይቻላል።

ነፃ ስንብቱ ከተሻረ በኋላ ወደ ሰበር መሮጥ
የፌዴራል መጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት በነፃ ያሰናበተውን ሰው ከፍተኛው ፍርድ ቤት ጥፋተኛ ካለው፣ ውሳኔው ስለተለወጠ ለፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ይግባኝ ማለት ይቻላል። በይግባኝ ፍሬ ነገሩም ሕጉም ይታያል። የሰበር ሰሚ ችሎት ግን የሚያየው መሠረታዊ የሕግ ስህተትን ነው፦ «የማስረዳት ሸክሙ በተከሳሹ ላይ ዞሯል» የሚለው የሰበር ቅሬታ ይሆናል፤ «ምስክሩ ሊታመን አይገባም ነበር» የሚለው ግን በይግባኝ መነሳት የነበረበት ነው።