የአዳራሽ ውል ከመፈረማችሁ በፊት

በጥር ወይም ከፋሲካ በኋላ ሰርግ የምትደግሱ፣ ሆቴሉ «በሰው ይህን ያህል» ስላላችሁ ብቻ ቀብድ እንዳትከፍሉ። መጀመሪያ «ሰርቪስ ቻርጅና ቫት ገብቶበታል ወይ?» ብላችሁ ጠይቁ። ለ300 እንግዳ በነፍስ ወከፍ 1,500 ብር ቢባል 450,000 ይመስላል። 10 በመቶ ሰርቪስ፣ በዚያ ላይ 15 በመቶ ቫት ሲጨመር ግን 569,250 ብር ይገባል። በልዩነቱ እኮ የመልሱ ወጪ ብዙ ይቃለላል!

ውስኪና ጠጅ ከውጭ ብታስገቡ ያስከፍሉ እንደሆነ፣ የተረፈው ምግብም ለማን እንደሚሆን በውሉ ላይ አስጽፉ። የእንግዳ ቁጥር መቀነስ የሚቻልበት የመጨረሻ ቀንም ይጻፍ፤ የጥሪ ካርድ ተበትኖ ስንት ሰው እንደሚመጣ የሚለየው ሰርጉ ሲቃረብ ነውና።