ወረርሽኝ ሲነሳ ምርት ማሳ ላይ እንዳይቀር፦ ለመስኖ አትክልት አምራች ማኅበራት የተዘጋጀ መመሪያ

በ2012 ዓ.ም. የኮቪድ ወረርሽኝ ዓለምን ሲያዳርስ በብዙ አገር ምግብ ከማሳ ወደ ገበታ የሚደርስበት መንገድ ተቋረጠ። በአሜሪካ ትምህርት ቤቶችና ምግብ ቤቶች ሲዘጉ ገበሬዎች ወተት ደፍተዋል፤ ጀርመን ምርት የሚሰበስቡላትን የሩማንያ ሠራተኞች በአውሮፕላን አስመጥታለች፤ ቬትናም ደግሞ አዲስ የሩዝ ኤክስፖርት ውል ለጊዜው አግዳለች። በአዲስ አበባም አትክልት ተራ መጨናነቁን ለመቀነስ ሲባል ከፒያሳ ወደ ጃንሜዳ ተዛወረ።

እንዲህ ያለው ቀን ሳይመጣ የማኅበሩ አመራር ምርቱ የሚያልፍባቸውን ሰዎች ሁሉ፣ ከቀን ሠራተኛ አስተባባሪው እስከ ሾፌሩ፣ ደላላውና ተረካቢው ነጋዴ ድረስ፣ ከነስልክ ቁጥራቸው ይመዝግብ፤ ለእያንዳንዳቸውም ተተኪ ይያዝ።

ከሁሉ በላይ ጥንቃቄ የሚሻው የሰው ኃይል ነው። ሠራተኞቹን በአንድ አካባቢ በሚኖሩ ትንንሽ ቡድኖች ከፍላችሁ እያንዳንዱ ቡድን በራሱ ማሳ እንዲሠራና ለብቻው እንዲመገብ አድርጉ፤ አንዱ ቢታመም ሥራው በሙሉ አይቆምም። ለታመመ ሠራተኛ የሚከፈል ገንዘብም ከማኅበሩ ተቀማጭ አስቀድሞ ይመደብ። የዕለት ገቢው የሚቀርበት ሰው ሕመሙን ቢደብቅ ሊፈረድበት አይገባም፤ ስለዚህ ይህን ወጪ ከቅንጦት የሚቆጥር አመራር ተሳስቷል ብዬ አምናለሁ።

ሾፌሮች የእንቅስቃሴ ገደብ ሲጣል መንገድ ላይ እንዳይታገዱ ከወረዳው ግብርና ጽሕፈት ቤት የድጋፍ ደብዳቤ አውጡላቸው፤ ጭነቱም በተቻለ መጠን ማሳው ዳር ይከናወን።

ቲማቲም ሳይሸጥ ብዙ ስለማይቆይ መሬቱን ሁሉ በእሱ አትሸፍኑ። ተከላውን በሳምንታት ልዩነት አከፋፍሉ፣ ከፊሉንም ለሽንኩርት አውሉ፤ ሽንኩርት አንገቱ በደንብ ከደረቀና ነፋስ በሚያገኝ ጥላ ውስጥ ከተቀመጠ ገበያ እስኪከፈት ይታገሣል። ማዳበሪያ ከውጭ በጂቡቲ ወደብ በኩል የሚገባ በመሆኑ ፍላጎታችሁን ማኅበራት በጋራ ላቋቋሙት ዩኒየን በጊዜ አስመዝግቡ፤ ጎን ለጎንም ኮምፖስት አዘጋጁ።

በመጨረሻም ከከተማ የሸማቾች ኅብረት ሥራ ማኅበራት ጋር በቀጥታ ተዋዋሉ። ውሉ ዝቅተኛውን ዋጋ፣ የርክክቡን ቦታ፣ እንዲሁም መንገድ ቢዘጋ ወይም ገበያው ቢዛወር የትራንስፖርት ወጪውን የሚሸፍነው ማን እንደሆነ በግልጽ ያስቀምጥ።