«አር» ቀኝ ማለት አይደለም፦ የኪራል ስያሜ ችግሮችና መፍትሄያቸው

ይህ ጽሑፍ ኪራል ካርቦን (አራት የተለያዩ ቡድኖች የያዘ ካርቦን) ምን እንደሆነ ለሚያውቅና «አር» ወይም «ኤስ» የሚል ስም የምንሰጥበትን የካን፣ የኢንጎልድና የፕሬሎግን ሕግ ቢያንስ አንድ ጊዜ ለተማረ ሰው ነው። ያንን መልሼ አላስተምርም። የምጽፈው ሕጉን ተምረው ሳለ መልሱ ለሚበላሽባቸው ነው። ለዓመታት የፈተና ወረቀትና የላቦራቶሪ ሪፖርት ሳርም ያገኘኋቸው ስህተቶች የተለያዩ ይመስላሉ እንጂ አብዛኞቹ ከአንድ ሥር የበቀሉ ናቸው። ከዚያው እጀምራለሁ።

ምልክት፦ «ውህዱ አር ስለሆነ ብርሃንን ወደ ቀኝ ያዞራል» ተብሎ ተጽፏል

ይህን ዓረፍተ ነገር ያልሰረዝኩበት የትምህርት ዘመን የለም። አንዳንድ ጊዜ ተገልብጦ ይመጣል፦ «የተለካው (−) ስለሆነ ውህዱ ኤስ ነው»። ሁለቱም ስህተት ናቸው፤ መልሱ በአጋጣሚ ትክክል ሆኖ ቢገኝ እንኳ ስህተት ናቸው።

አንደኛው ምክንያት ትርጉም ነው። «አር» የመጣው ሬክተስ ከሚለው የላቲን ቃል፣ «ኤስ» ደግሞ ሲኒስተር ከሚለው ነው። ሲኒስተር በእርግጥ ግራ ማለት ነው። ሬክተስ ግን በመሠረቱ «ቀና፣ ቀጥ ያለ» ማለት ነው። ቀኝ እጅን የሚያመለክተው የላቲን ቃል ዴክስተር ሲሆን፣ (+) ምልክት የሚሰጠው ዴክስትሮሮታቶሪ (ብርሃንን ወደ ቀኝ የሚያዞር) የሚለው ስያሜ የወጣው ከዚህኛው ነው። በማስታወሻ ደብተሮቻችን ግን ሁለቱም «ቀኝ» ተብለው ይተረጎማሉ። ተማሪው በሁለት ቦታ አንድ ቃል አይቶ አንድ ነገር ነው ብሎ ቢያስብ አይፈረድበትም፤ የሚፈረደው እንደዚያ አድርጎ ባስተማረው ላይ ነው።

ሁለተኛው ምክንያት ይበልጥ ጠለቅ ይላል። አርና ኤስ በሕግ የሚሰጡ ስሞች ናቸው። የቡድኖቹን ደረጃ በአቶሚክ ቁጥር አውጥተህ፣ ዝቅተኛውን ወደ ኋላ አድርገህ፣ ከአንድ ወደ ሁለት ወደ ሦስት ስትሄድ በሰዓት አቅጣጫ ከዞርክ አር፣ በተቃራኒው ከዞርክ ኤስ ትላለህ። ለዚህ ወረቀትና እስክሪብቶ ይበቃል፤ ጠርሙሱን መክፈት አያስፈልግም። (+) እና (−) ግን ልኬት ናቸው። ናሙናውን አሟሙተህ ፖላሪሜትር (የብርሃንን መዞር የሚለካ መሣሪያ) ውስጥ ካላስገባህ አታውቃቸውም። በእርግጥ ከባድ የኮምፒውተር ስሌት ሠርቶ ምልክቱን መገመት ይቻላል፤ ከስሙ ፊደል ተነስቶ ወደ ምልክቱ የሚያሻግር ሕግ ግን የለም።

ታሪኩ ራሱ ይህን ይመሰክራል። ፓስተር በ1848 የአንድ የታርታሪክ አሲድ ጨው ክሪስታሎችን በእጁ ለይቶ፣ የአንዱ ክምር ሙሙት ብርሃንን ወደ ቀኝ፣ የሌላው ወደ ግራ እንደሚያዞር አሳየ። ስለዚህ ምልክቱ ታወቀ። ቡድኖቹ በትክክል እንዴት እንደተቀመጡ ግን አልታወቀም። ኤሚል ፊሸር የስኳሮችን አወቃቀር ሲፈታ ከሁለቱ አማራጮች አንዱን በግምት ለመምረጥ ተገደደ። ግምቱ ትክክል መሆኑ የተረጋገጠው በ1951 ባይፉትና የሥራ ባልደረቦቹ የታርታሪክ አሲድን የሶዲየም ሩቢዲየም ጨው በኤክስሬይ ሲመረምሩ ነው። ከአንድ ምዕተ ዓመት በላይ (+) እና (−) በየቀኑ እየተለኩ አቀማመጡ ሳይታወቅ ኖሯል። ምልክቱ አቀማመጡን የሚናገር ቢሆን ኖሮ ፊሸር መገመት ባላስፈለገው ነበር።

አሁን ወደ ላቦራቶሪው። አንድ ተማሪ (ኤስ)-(+)-ላክቲክ አሲድን ከሜታኖል ጋር በአሲድ አፍልቶ ሜቲል ኤስተር ሠራ። ውጤቱን አጣርቶ ሲለካ (−) አገኘ። «ኢንቨርሽን (የአቀማመጥ መገልበጥ) ተካሂዷል፤ ምርቱ አር ሆኗል» ብሎ ጻፈ። ከዚያ ኢንቨርሽኑ ከየት እንደመጣ ሲፈልግ ሦስት ሳምንት አጠፋ፤ አሲዱን ቀየረ፣ ሙቀቱን ቀነሰ፣ ሜታኖሉን ደጋግሞ አጣራ። ምልክቱ ግን ፍንክች አላለም። ወደ እኔ ሲመጣ ያዘዝኩት አንድ ነገር ብቻ ነበር፦ ሞለኪውሉን ከምላሹ በፊትና በኋላ ሳልና የተሰበረውን ትስስር በቀይ አስምር። ሳለ። ቀዩ መስመር ያረፈው የካርቦክሲሉ ካርቦን ላይ ነበር። ኪራል ከሆነው ካርቦን አራት ትስስሮች አንዱም አልተነካም። ደረጃውም እንደነበረ ነው፦ ሃይድሮክሲሉ አንደኛ፣ የኤስተሩ ቡድን ሁለተኛ፣ ሜቲሉ ሦስተኛ፣ ሃይድሮጅኑ አራተኛ። ስለዚህ ምርቱ (ኤስ)-(−)-ሜቲል ላክቴት ነው፤ ትክክለኛው ምርት ራሱ። ሦስት ሳምንት የባከነው ላልተበላሸ ሥራ ነው።

ይህ ብርቅ አይደለም። (አር)-(+)-ግሊሰራልዲሃይድ ወደ ግሊሰሪክ አሲድ ኦክሲዳይዝ ሲደረግ ምርቱ (አር)-(−) ነው። ከ(አር)-(+)-ሊሞኒን ተነስቶ የሚሠራው የናና ሽታ ያለው ካርቮን (አር)-(−) ነው። ዲ ግሉኮስ በውሃ ውስጥ ሲረጋ +52.7 ዲግሪ ያህል ሲያነብ፣ ዲ ፍሩክቶስ −92 ዲግሪ ገደማ ያነባል። ሁለቱም ዲ ናቸው፤ ዲ እዚህ አቀማመጥን የምትገልጽ ፊደል ናት፣ ከታች እመለስባታለሁ።

መፍትሄ፦ «ቀኝ» የሚለውን ቃል ከደብተርህ አውጣው። ስሙን «አር» በል፣ ምልክቱን «ፕላስ» በል፤ አትተርጉማቸው። ሁለቱንም ስታውቅ ሁለቱንም ጻፍ፤ አንዱን ብቻ ስታውቅ ሌላውን ከእሱ አትፍጠር። ምልክቱ በተቀየረ ቁጥር ደግሞ «ኢንቨርሽን» ከማለትህ በፊት ከኪራል ካርቦኑ ትስስሮች አንዱ መሰበሩን በሥዕል አረጋግጥ።

የዚሁ ችግር ታናሽ ወንድም፦ ዲና ኤል

በላቲን ፊደል ትንሿ ዲ (+) ማለት ናት፣ ትንሿ ኤል (−)። ትልቋ ዲና ትልቋ ኤል ግን አቀማመጥን የሚገልጹ ናቸው፤ መነሻቸው ግሊሰራልዲሃይድ ነው። በአማርኛ ፊደል ትልቅና ትንሽ የሚባል ነገር የለም። ስለዚህ ደብተርህ ላይ «ኤል ላክቲክ አሲድ» ብለህ ስትጽፍ የትኛዋ ኤል እንደሆነች ጠፋች። አንድ የሥራ ባልደረባዬ ወደ ግራ የሚያዞረውን ፈልጎ «ኤል» ብሎ አዘዘ፤ የመጣለት ወደ ቀኝ የሚያዞረው ሆነ፤ ጠርሙሱንም ስህተት ነው ብሎ መለሰ። ስህተት አልነበረም። በትልቋ ኤል የሚጠራው ላክቲክ አሲድ (+) ነው።

በትንንሽ ፊደላት ጭራሽ አትጠቀም፤ (+) እና (−) እያሉ ምንም አያስፈልጉም። ለስኳርና ለአሚኖ አሲድ ካልሆነ በስተቀር በትልልቆቹም አትጠቀም። ጠርሙስ ላይ አንዲት ፊደል ብቻ ለጥፎ የሚሸጥ አቅራቢ ካጋጠመህ ደግሞ ሙሉ ስሙን በጽሑፍ ሳትጠይቅ አትክፈተው።

ምልክት፦ ሥዕሉ ትክክል ነው፣ ደረጃው ትክክል ነው፣ መልሱ ግን ተገልብጧል

ምክንያት፦ ዝቅተኛው ቡድን ወደ አንተ ዞሮ ሳለ አነበብከው። ሃይድሮጅኑ በሽብልቅ መስመር ከተሳለ ፊት ለፊትህ ነው፤ ያነበብከውን ገልብጥ። በፊሸር ሥዕል (ሞለኪውሉ በመስቀል መልክ በሚሳልበት) አግድም ያሉት መስመሮች ሁልጊዜ ወደ ፊት የወጡ ናቸው፤ ሃይድሮጅኑ አግድም ላይ ከሆነ አሁንም ገልብጥ። አንድ ጊዜ ብቻ! ሁለት ቡድኖችን አቀያይረው ሃይድሮጅኑን ወደ ኋላ ከወሰዱ በኋላ፣ ማቀያየሩ ራሱ መልሱን እንደገለበጠው ዘንግተው ያነበቡትን እንዳለ የሚጽፉ አሉ። ሌሎች ደግሞ አቀያይረው፣ ገልብጠው፣ ከዚያ «ሃይድሮጅኑ ፊት ነበር» ብለው እንደገና ይገለብጣሉ። አንዱን መንገድ ያዝና በእሱ ጽና።

የፊሸርን ሥዕል ወረቀቱ ላይ 90 ዲግሪ አታዙረው፤ ሞለኪውሉ ይቀየራል። 180 ዲግሪ ይቻላል። የሽብልቁ ቀጭን ጫፍ ኪራል ካርቦኑ ላይ መሆን አለበት፤ ወፍራሙን ጫፍ እዚያ አሳርፎ የሚስል ሰው አንባቢውን እያሳሳተ ነው። የፕላስቲክ ሞዴል የምትጠቀም ከሆነም ቀዳዳው የሰፋና ኳሱ ከዘንጉ የሚወልቅ ርካሽ ዕቃ ጣለው። ወልቆ ሲመለስ ሌላ ቀዳዳ ውስጥ ይገባና፣ ተማሪው ሳያውቅ የመስተዋት ምስሉን ይዞ ይቀመጣል። ይህን በዓይኔ ያየሁት ከአንድ ጊዜ በላይ ነው።

ምልክት፦ ሲስቴይን ኤስ ተብሎ ተሰይሟል

ምክንያት፦ አቶሚክ ቁጥሮቹ ተደምረዋል። ፕሮቲን ከሚሠሩት 20 መደበኛ አሚኖ አሲዶች ግላይሲን ኪራል አይደለም። ከቀሩት 19 ውስጥ በተፈጥሮ መልካቸው 18ቱ ኤስ ናቸው፤ አር የሆነው ሲስቴይን ብቻ ነው። አቀማመጡ ከሌሎቹ ጋር አንድ ነው፤ ስሙን የለወጠው ሰልፈር ነው።

ጠጋ ብለን እንየው። አሚኖ ቡድኑ በናይትሮጅኑ ምክንያት አንደኛ ነው፣ ሃይድሮጅን መጨረሻ ነው። ክርክሩ በሁለቱ ካርቦኖች መካከል ነው። የካርቦክሲሉ ካርቦን የያዘው ኦክስጅን፣ ኦክስጅን፣ ኦክስጅን ነው፤ ድርብ ትስስሩ ሁለት ጊዜ ስለሚቆጠር። የጎን ሰንሰለቱ ካርቦን የያዘው ሰልፈር፣ ሃይድሮጅን፣ ሃይድሮጅን ነው። ደማሪው 8 ሲደመር 8 ሲደመር 8፣ 24 ይላል፤ በሌላ በኩል 16 ሲደመር 1 ሲደመር 1፣ 18። ከዚያ ካርቦክሲሉን ያስቀድማል። ሕጉ ግን መደመር አያውቅም። ከላይ ወደ ታች ጥንድ ጥንድ እያደረግህ ታነጻጽራለህ፤ የመጀመሪያው ልዩነት ይወስናል፤ የቀረውን አታይም። 16 ከ8 ይበልጣል፣ አለቀ። ሴሪን ላይ ግን በሰልፈሩ ቦታ ኦክስጅን ስላለ የመጀመሪያው ጥንድ እኩል ነው፤ ሁለተኛው ላይ 8 ከ1 ስለሚበልጥ ካርቦክሲሉ ይቀድማል፣ ስሙም ኤስ ይሆናል።

ምልክት፦ ፖላሪሜትሩ ዜሮ አነበበ፤ «ስለዚህ ኪራል አይደለም» ተባለ

ዜሮ ብቻውን ይህን አይነግርህም። ናሙናው ራሲሚክ ሊሆን ይችላል፤ ሁለቱ ኢናንቲዮመሮች (አንዱ የሌላው መስተዋት ምስል የሆኑት) እኩል ሆነው ይጣፋሉ። ሜሶ ሊሆን ይችላል፤ እንደ (2አር፣3ኤስ)-ታርታሪክ አሲድ በአንዱ ሞለኪውል ውስጥ ግማሹ የሌላው ግማሽ መስተዋት ምስል ነው። ወይም ማዞሩ መሣሪያው ከሚለየው በታች ነው፤ ያኔ የሙሙቱን ትኩረት (ኮንሰንትሬሽን) ጨምር፣ ወይም ረዘም ያለ ቱቦ ተጠቀም። ቱቦው ውስጥ አረፋ ካለ ደግሞ ምንም አትለካ።

እዚህ ላይ ቃሉን በአግባቡ እንጠቀምበት። ራሲሚክ የናሙና መጠሪያ ነው እንጂ የሞለኪውል አይደለም። ስሙ የመጣው የወይን ዘለላ ከሚለው የላቲን ቃል ነው፤ ከወይን ጠጅ ሥራ ከተገኘው አሲድ ጋር ተያይዞ። «ራሲሚክ ሞለኪውል» ማለት «ግማሽ ወንድ ግማሽ ሴት ተማሪ ያለው ክፍል» ለማለት ፈልጎ «ግማሽ ወንድ ግማሽ ሴት ተማሪ» እንደማለት ነው። ራሲሚክን መለየት ይቻላል፤ ሜሶን ግን የምትለየው ነገር የለም፣ አንድ ውህድ ነውና።

በዚሁ ላይ ፅንስ ስለጎዳው መድኃኒት ስለ ታሊዶማይድ በየመጽሔቱ የሚደገመውን ልጥቀስ፦ «አንዱን ኢናንቲዮመር ብቻ ሰጥተው ቢሆን ኖሮ ጉዳቱ አይደርስም ነበር» ይባላል። ሁለቱ በሰውነት ውስጥ አንዱ ወደ ሌላው ይለወጣሉ። ንጹሑን መስጠት አያድንም። የሰው ልጆች የተጎዱበት ነገር ስለሆነ ይህን በግማሽ እውቀት የሚጽፍ ሰው ያሳዝነኛል።

ቀሪዎቹ በአጭሩ

የስፔሲፊክ ሮቴሽን ቁጥርህ (ንባቡ ለቱቦው ርዝመትና ለትኩረቱ ተካፍሎ የሚገኘው) አሥር ጊዜ ካነሰ የቱቦውን ርዝመት በሴንቲሜትር አስገብተኸዋል፤ የሚፈለገው በዴሲሜትር ነው።

ንባቡ እያየኸው ከቀነሰ ወይም ከጨመረ ስኳር እየለካህ ነው። ትኩስ የአልፋ ግሉኮስ ሙሙት ከ+112 ዲግሪ ተነስቶ ወደ +52.7 ይወርዳል። እስኪረጋ ጠብቅ።

ምልክቱ ከሚታወቀው ተቃራኒ ከሆነና ሙሙቱ ወፍራም ከሆነ በግማሽ አቅጥነው። መሣሪያው +120ን ከ−60 አይለይም፤ ሲቀጥን ግን አንዱ +60፣ ሌላው −30 ይሆናል።

ኪራል ካርቦን የሌለው ሞለኪውል ኪራል ሆኖ ከተገኘ አሊኖችንና መዞር የማይችሉ ባይፌኒሎችን አስብ።

ሦስት የተለያዩ ቡድኖች የያዘ ተራ አሚን ናይትሮጅኑ እንደ ጃንጥላ ስለሚገለበጥ አብዛኛውን ጊዜ አይለይም፤ አትድከም።

ሪፖርት ስትጽፍም ከቁጥሩ ጋር ማሟሚያውን፣ ትኩረቱን፣ ሙቀቱንና የብርሃኑን ሞገድ ርዝመት ጻፍ፤ የተለመደው የሶዲየም ብርሃን 589 ናኖሜትር ነው። እነዚህ አራቱ የሌሉትን ሪፖርት ሳላነብ እመልሰዋለሁ፣ ምክንያቱም ማሟሚያው ሲለወጥ ምልክቱ ራሱ የሚለወጥባቸው ውህዶች አሉ።