ድንች ጥብስ ለቁርስ፦ ማማሰያውን አስቀምጡት

ድንች ጥብስ የሚበላሽብን በአብዛኛው በገዛ እጃችን ነው። ገና መጥበሻው ላይ ከማረፉ ማማሰያ አንስተን እናገላብጠዋለን። አሁንም፣ አሁንም። ግማሹ ይፈራርሳል፣ ግማሹ ብረቱ ላይ ተጣብቆ ይቀራል። ሲጣበቅብን ዘይት እንጨምራለን። በመጨረሻ ሰሃን ላይ የሚወጣው ዘይት የጠጣ፣ ልፍስፍስ ያለ ነገር ነው።

ልማዱ የመጣው ከወጥ ነው። ቁሌት ካላማሰሉት ያራል፣ ሽሮ ካላማሰሉት ይጓጉላል። እጃችን የሠለጠነው እዚያ ላይ ነው። ድንች ደግሞ አገራችን ከገባ ብዙም የቆየ አይደለም፤ ሺምፐር የተባለ ጀርመናዊ የዕፅዋት ተመራማሪ በ1858 እ.ኤ.አ. እንዳስገባው ነው የሚጻፈው። እንደመጣም በወጥ ቤታችን ደንብ ወደ ወጥ ገባ። አልጫ ሆነ፣ ቀይ ወጥ ሆነ፣ ከጥቅል ጎመንና ከካሮት ጋር ተሠራ። እዚያ ማማሰል ልክ ነው። ጥብስ ላይ ግን ድንቹን መተው ያስፈልጋል። ከዚህ በታች የምነግራችሁ ሁሉ የሚያጠነጥነው እዚህ ላይ ነው፦ ድንቹ ደረቅ ይሁን፣ ብረቱ ይጋል፣ ከዚያ አትንኩት።

እኔ የምኖረው ሐዋሳ ነው። ባለቤቴ የጠዋት ፈረቃ ስትሆን ገና ሳይነጋ ሰርቪስ ይወስዳታል። ሁለቱን ሴቶች ልጆቻችንን ቁርስ አብልቶ ትምህርት ቤት ማድረስ የኔ ድርሻ ነው። እሁድ ከሆነ አሞራ ገደል ወርዶ ትኩስ የዓሣ ሾርባ የመሰለ ነገር የለም። በሥራ ቀን ግን ከ12 ሰዓት ተኩል እስከ 1 ሰዓት ባለው ጊዜ የሚደርስ፣ ልጆች ሳይለመኑ የሚበሉት፣ እስከ ምሳ የሚይዝ ነገር ነው የሚፈለገው። ድንች ጥብስ ሦስቱንም ያሟላል።

ከገበያው እንጀምር፤ ጥብሱ ግማሽ በግማሽ የሚወሰነው እዚያ ነውና። አማቴ የሀገረ ሰላም ሰው ናቸው፣ ድንች የሚበቅልበት ደጋ። ድንች ሲገዙ አይቼ ነው መምረጥ የተማርኩት። አንዱን ያነሱና በአውራ ጣታቸው ጥፍር ልጡን ገፋ ያደርጉታል። ልጡ ወዲያው ከተገፈፈ ድንቹ ከመሬት ከወጣ ገና ነው፣ ውኃ ይበዛዋል። «ይሄ ለወጥ ነው» ብለው ይመልሱታል። ጥፍሩ ጭረት ብቻ ከተወ ልጡ ጠንቶበታል ማለት ነው። ጠንከር ያለ፣ ያልበቀለ፣ ሲይዙት ከመጠኑ ከበድ የሚል ከሆነ ይገዙታል። እቤት ገብታችሁ አንዱን ለሁለት ቁረጡና የተቆረጠውን ፊት እርስ በርሱ አሻሹት። ጠርዙ ላይ ነጭ አረፋ ነገር ከወጣ ስታርቹ፣ ማለት ዱቄታማው ነገር፣ ብዙ ነው። ለጥብስ የምትፈልጉት እሱን ነው፤ ውጪው ይደርቃል፣ ውስጡ ልስልስ ይላል።

ሻጭ ብዙ ጊዜ የዘሩን ስም አይነግራችሁም፣ «የሻሸመኔ ነው» ብሎ ያልፋል። ሻሸመኔ ከኛ 25 ኪሎ ሜትር ገደማ ስለሆነች አባባሉ ብዙ ጊዜ እውነት ነው። ገበሬው ግን ጃለኔ፣ ጉደኔ፣ በለጠ እያለ ይለየዋል። ሦስቱም በሆለታ የግብርና ምርምር ማዕከል በኩል የወጡ ዘሮች ናቸው፤ ጃለኔ በ2002፣ ጉደኔ በ2006፣ በለጠ በ2009 እ.ኤ.አ.። ጠይቁ። ጥሩ የተጠበሰላችሁን ዘር ስሙን ካወቃችሁ በሚቀጥለው ገበያ በስሙ ትፈልጉታላችሁ።

አንድ ነገር አደራ። ፀሐይ ላይ ውሎ ልጡ አረንጓዴ የሆነ ድንች አትግዙ። አረንጓዴው ራሱ ምልክት ነው፤ ከሱ ጋር ሶላኒን የሚባል መርዛማ ነገር ይጨምራል፣ መቀቀልም ሆነ መጥበስ አያጠፋውም። ትንሽ ጠርዙ ላይ ብቻ ከሆነ ወፈር አድርጋችሁ ቆርጣችሁ ጣሉት። ከበዛና ሲቀምሱት የሚመር ከሆነ ድንቹን በሙሉ ተዉት፣ በተለይ ለልጆች። እቤት ስታስቀምጡም ጨለማና ነፋሻ ቦታ ይሁን። ጥሬውን ፍሪጅ ውስጥ አታስገቡት። ብርዱ ስታርቹን ወደ ስኳር ይለውጠዋል፤ መጥበሻ ላይ ውስጡ ሳይበስል ውጪው ይጠቁራል።

ለሦስት ሰው ስድስት መካከለኛ ድንች ይበቃል፣ ሦስት ሩብ ኪሎ ገደማ። አራት የሾርባ ማንኪያ ዘይት፣ አንድ ራስ ቀይ ሽንኩርት፣ ሁለት ቃሪያ፣ ሁለት ፍሬ ነጭ ሽንኩርት፣ ጨው፣ ካለ አንድ ዘለላ የጥብስ ቅጠል።

ከባዱን ሥራ ማታ ጨርሱት። እራት እየተሠራ ድንቹን ልጣችሁ በአውራ ጣት ጥፍር ስፋት አራት ማዕዘን አድርጋችሁ ቁረጡት። መጠኑ እኩል ይሁን፣ ካለበለዚያ ትንሹ ሲያር ትልቁ ጥሬ ነው። ቀዝቃዛ ውኃ ውስጥ ከታችሁ በእጃችሁ አመስ አመስ አድርጉትና ውኃውን ድፉት። ነጭ ሆኖ ይወጣል። ውኃው ጥርት እስኪል ድገሙት። ላዩ ላይ የቀረው ልቅ ስታርች ነው እርስ በርስ የሚያጣብቀውና ብረት ላይ የሚያስይዘው።

ከዚያ በአዲስ ቀዝቃዛ ውኃ ድስት ውስጥ ጣዱት። ጨው ጨምሩበት፤ ጨው ወደ ውስጥ የሚገባው አሁን እንጂ በኋላ አይደለም። አንድ የሻይ ማንኪያ አቼቶ ጠብ ብታደርጉበት ጠርዙ አይፈርስም። ውኃው ከፈላ በኋላ አምስት ደቂቃ ያህል። ከውጭ አገር የተወሰዱ አሠራሮች ሦስት ደቂቃ ይላሉ፤ እኛ ግን ከባሕር ወለል በላይ 1,700 ሜትር ገደማ ላይ ነን፣ ውኃችን የሚፈላው 94 ዲግሪ አካባቢ ነው። ስለዚህ ይዘገያል። አዲስ አበባ ያለ ሰው ደግሞ ከኔም ትንሽ ይጨምር። ለማንኛውም ከሰዓቱ ይልቅ ቢላዋውን እመኑ፦ ጫፉ ጠርዙ ላይ ሲገባ፣ መሃሉ ላይ ግን ትንሽ ሲያስቸግር አውርዱት።

በማጥለያ አጥሉትና ወደ ትኩሱ ድስት መልሱት። አትክደኑት። እንፋሎቱ ይውጣ። ሁለትና ሦስት ደቂቃ ቆይቶ ላዩ ያረጠበ የሚመስለው ነገር ጠፍቶ ደብዘዝ ይላል፤ ጠርዙም ሻከር ይላል። ያ ሻካራው ነው ጠዋት የሚንኮሻኮሸው። ሲበርድ ሰሃን ላይ ዘርግታችሁ ሳትከድኑ ፍሪጅ ውስጥ ክተቱት። ጥሬውን አታስገቡ ብዬ የተቀቀለውን አስገቡ ማለቴ አይጋጭም። ከበሰለ በኋላ ብርዱ ያደርቀዋል፣ ይበልጥ ይጠነክራል፣ ለመጥበስም ይመቻል።

ፍሪጅ ከሌለ የተቀቀለ ድንች ውጭ አታሳድሩ፣ ሐዋሳ ሌሊቱም ሞቅ ይላል። ጥሬውን ብቻ ልጣችሁና ቆርጣችሁ ውኃ ውስጥ አሳድሩት፤ ውኃው ሙሉ በሙሉ ከሸፈነው አይጠቁርም። መቀቀሉን ለጠዋት ተዉት። 15 ደቂቃ ቀደም ብላችሁ መነሳት ነው የሚያስፈልገው።

ወደ መጥበሻው። ከታች ወፈር ያለ ይሁን። እኔ ቆሎ የምንቆላበትን ብረት ምጣድ ነው የምጠቀመው፤ ከባድ ነው፣ ሙቀት ይዞ ይቆያል፣ ድንቹ ሲገባበት አይቀዘቅዝም። ቡና የሚቆላበት ግን አይሆንም፣ ሽታው ይገባበታል። ስስ አሉሚኒየም ብቻ ካላችሁ ይሠራል፤ መሃሉ ላይ ቶሎ ስለሚያቃጥል እሳቱን ቀንሳችሁ መጥበሻውን በየጊዜው ሩብ ዙር አዙሩት። ድንቹን አይደለም፣ መጥበሻውን።

ባዶውን ብረት መካከለኛ እሳት ላይ አግሉት። ከዚያ ዘይቱን። ዘይቱ ሲቀጥንና ሲያብረቀርቅ አንድ ድንች ጣል አድርጉ። ወዲያው ከተንጫጫ ደርሷል። ዝም ካለ ጠብቁ። ጭስ ካወጣ አልፏል፣ ከእሳት ላይ አንሱት። ድንቹን በአንድ ረድፍ ዘርጉት፣ አንዱ አንዱ ላይ እንዳይወጣ። ካልበቃ በሁለት ዙር ይጠበስ። ተደራርቦ የገባ ድንች በራሱ እንፋሎት ይቀቀላል እንጂ አይጠበስም።

አሁን ማማሰያውን አስቀምጡ። ጆሯችሁን ስጡት። መጀመሪያ የሚሰማው ጫጫታ ከፍ ያለና እርጥብ ነው፤ ድንቹ ውስጥ የቀረው ውኃ እየወጣ ነው። ሦስት አራት ደቂቃ ሲቆይ ጫጫታው ይቀንሳል፣ ይቆራረጣል፣ ደረቅ ይላል። ያኔ ከሥር ቅርፊት እየያዘ ነው። አንዱን በሹካ ጠርዙን ቀና አድርጋችሁ እዩት። ነጣ ካለና ከያዘ ተዉት። ቅርፊት ሳይሠራ ከነካችሁት ብረቱ ላይ ይቀራል፤ ቅርፊት ሲሠራ ግን ሳትታገሉት ራሱ ይለቃል። ትልቋ ልጄ ይህን ሥራ ወስዳዋለች። ከምድጃው ራቅ ብላ ትቆምና «አባዬ፣ ድምፁ ቀየረ» ትለኛለች። አትሳሳትም።

ወርቃማ ሲሆን ሰፋ ባለ መገልበጫ ከሥር እየገባችሁ ገልብጡት። ሁሉንም ጎን ማዳረስ አያስፈልግም። ሁለት ወይም ሦስት ጎኑ ከያዘ በቂ ነው። እንደገና አራት ደቂቃ ተዉት።

ሽንኩርቱ የሚገባው አሁን ነው። በወጥ ቤታችን ሽንኩርት ይቀድማል፣ እዚህ ግን ይዘገያል። ቀድሞ ከገባ ውኃውን ይለቅና ድንቹን ያረጥበዋል፣ ድንቹ እስኪደርስ ደግሞ ስኳሩ ያርና ይመራል። እሳቱን ቀንሱ፣ ድንቹን ወደ ዳር ገፋ አድርጉና መሃል ላይ ቀጭን የተከተፈውን ሽንኩርት ጨምሩ። ለስለስ ሲል ቃሪያ፣ ነጭ ሽንኩርትና የጥብስ ቅጠል ይግባ። አንድ ደቂቃ ካለፈ ነጭ ሽንኩርቱ ይጠቁራል፤ ስለዚህ ሽታው ሲነሳ ሁሉንም አንድ ላይ አገናኙት። አንዴ ብቻ። ጨው ቀምሳችሁ አስተካክሉ።

በርበሬ ለሚወድ፣ መጥበሻው ከወረደ በኋላ ይነስነስ። ደረቅ ትኩስ ዘይት ውስጥ በርበሬ በቅጽበት ያርራል፤ ቤቱን በሙሉ ያስላል። ሚጥሚጣም እንደዚሁ። እኛ ቤት ዳጣ ከጎን ይቀመጣል፣ ሁሉም በአቅሙ ይነክራል። የተነጠረ ቅቤ መጨረሻ ላይ ግማሽ ማንኪያ ብትጨምሩበት መዓዛው ይለወጣል። ሙሉውን በቅቤ መጥበስ ግን አልወድም፣ የድንቹን ጣዕም ይውጠዋል።

ጾም ካልሆነ ድንቹን ከፈት ከፈት አድርጋችሁ ክፍተቱ ላይ እንቁላል ስበሩበት። እሳቱን ዝቅ አድርጋችሁ ክደኑት፤ በሁለት ሦስት ደቂቃ ነጩ ይረጋል። ክዳኑ እንፋሎት ስለሚይዝ ድንቹን ትንሽ ያለሰልሰዋል። እኔ እንቁላሉን ለብቻው መሥራት እመርጣለሁ፣ ጊዜ ካጠረኝ ግን አብሬ እሠራዋለሁ። ረቡዕና ዓርብ በዘይት ብቻ ነው። ለሚጾም አዋቂ ዘጠኝ ሰዓት ላይ በእንጀራ ይቀርባል፣ ለልጆች ጠዋት በዳቦና በሻይ።

መብራት ከጠፋ ከሰል ይሠራል፣ እንዲያውም ጥሩ አድርጎ። ከሰሉ ቀይ ፍም ሆኖ ላዩ አመድ እስኪለብስ ጠብቁ። ገና ሲነድ ኃይለኛ ነው፣ ያቃጥላል። ከበረታ ሁለት ሦስት ፍም በመቆንጠጫ አውጥታችሁ ዳር አድርጉ፤ ሽንኩርቱ የሚገባ ጊዜ ደግሞ ተጨማሪ ፍም አውጡ። ከሰል ሲነድ በርና መስኮት ክፍት ይሁን፤ ቢቻል ምድጃውን ደጅ አውጡት።

ሲወርድ ሰፊ ሰሃን ላይ ዘርግቶ ወዲያው ማቅረብ ነው። መጥበሻው ላይ ከድናችሁ ልጅ እስኪለብስ አታቆዩት። የተረፈውን ለትንሿ ምሳ ዕቃ ስቋጥር መጀመሪያ ሳልከድን አቀዘቅዘዋለሁ። ትኩሱን ከከደኑት ክዳኑ ያልበዋል፣ ጠብታው ተመልሶ ድንቹ ላይ ይወርድና ቅርፊቱን ያረጥበዋል። ከበረደ በኋላ ግማሽ ዳቦ ውስጥ ገብቶ እስከ ምሳ ሰዓት ደህና ይቆያል። ማታ ማሞቅ ካስፈለገ ያው ብረት ምጣድ ነው፣ ያለ ዘይት፣ በዝግታ።