የመዋኛ ገንዳ ሠራተኛን እንዴት እናሠልጥን? ለባሕር ዳር ሆቴሎችና ሎጆች

ገንዳ እንዲይዝ የሚመደበው ሰው ከአትክልት ክፍል ወይም ከጥበቃ የመጣ ቢሆን ግድ የለም፤ ሥራው ይለመዳል። የሚለመደው ግን በወረቀት ሳይሆን ገንዳው ዳር ነው።

መጀመሪያ ውኃ መለካት ይማር። ነጻ ክሎሪን (ጀርም ለመግደል ውኃው ውስጥ የቀረው ክሎሪን) በሊትር ከ1 እስከ 3 ሚሊግራም፣ ፒኤች (የውኃው የአሲድነት መለኪያ) ደግሞ ከ7.2 እስከ 7.8 ይሁን። ሁለቱ አይነጣጠሉም፤ ፒኤቹ 8 ሲደርስ ክሎሪኑ ውኃው ውስጥ እያለም ጀርም የመግደል ጉልበቱ ይደክማል። ባሕር ዳር 1,800 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ስለሆነች ፀሐይዋ ክሎሪንን ቶሎ ትጨርሳለች፤ የጠዋቱ ልኬት ለከሰዓት አያገለግልም። ከመከፈቱ በፊት፣ እኩለ ቀን ላይና ሰው ሲበዛ ይለካ፤ ሰዓቱና ቁጥሩ ወዲያው መዝገብ ላይ ይስፈር። ተቆጣጣሪ ሲመጣ የሚጠይቀው ይህንኑ መዝገብ ነው፤ ማታ ቁጭ ተብሎ የተሞላ መዝገብ ደግሞ ያስታውቃል። አንድ ወጥመድ አለ፦ ክሎሪን ከልክ በላይ ሲበዛ የዲፒዲ ክኒኑ (ናሙናው ውስጥ ሲጨመር ክሎሪን ካለ ውኃውን ሮዝ የሚያደርገው መለኪያ) ሮዝ ቀለም ይነጣና ክሎሪን የሌለ ያስመስላል። ሠልጣኙ ተጨማሪ ክሎሪን ከመጨመሩ በፊት ናሙናውን ክሎሪን በሌለው ውኃ አቅጥኖ ይድገም።

ቀጥሎ ኬሚካል ነው። ክሎሪንና አሲድ ከተገናኙ መርዛማ ጋዝ ይወጣል፤ በአንድ መደርደሪያ አይቀመጡ፣ በአንድ መስፈሪያም አይሰፈሩ። የክሎሪን ዱቄትና ክኒንም የተለያየ ዓይነት ከሆኑ አይቀላቀሉ፤ እሳት ሊያስነሱ ይችላሉ። ኬሚካል ወደ ውኃ ይጨመራል እንጂ ውኃ ወደ ኬሚካል አይጨመርም። ጓንትና መነጽር ሳያደርግ ክዳን አይክፈት።

ከሁሉ በላይ ጊዜ የምሰጠው ለመብራት መጥፋት ልምምድ ነው። አደጋው ያለው መብራት ሲጠፋ ሳይሆን ሲመጣ ነው። ክሎሪንና አሲድ እየመጠኑ የሚለቁት ትንንሽ ፓምፖች በራሳቸው ሊነሱ ይችላሉ፤ ውኃውን የሚያዞረው ዋናው ፓምፕ ሳይነሳ ከቀረ ሁለቱ ኬሚካሎች ቧንቧ ውስጥ ይገናኛሉ። በኋላ ዋናው ሲነሳ ጋዙ ዋናተኞቹ ላይ ይወጣል። ስለዚህ ቅደም ተከተሉ ይህ ይሁን፦

1. መብራት እንደጠፋ ሰው ሁሉ ከውኃ ይውጣ፤
2. የኬሚካል ፓምፖቹ ይጥፉ፤
3. መብራት ሲመጣ ዋናው ፓምፕ ብቻ ተነስቶ ውኃው መዞሩ ይረጋገጥ፤
4. ከዚያ የኬሚካል ፓምፖቹ ይብሩ፤ ውኃው ተለክቶ ሰው ይግባ።

እንግዳ በሌለበት ቀን ብሬከሩን አጥፍታችሁ ሠልጣኙ ሳይነገረው ይሥራው። ዋናው ፓምፕ ካልሠራ ኬሚካሉም እንዳይለቀቅ የሚቆልፍ መስመር በኤሌክትሪሽያን ማስገጠም ደግሞ ከልምምዱም ይበልጣል።

ገንዳው ከጣና በሚሳብ ውኃ የሚሞላ ከሆነ ቢልሃርዚያ አይረሳ። ውኃው ተጣርቶ ክሎሪኑ በልኬት ሳይረጋገጥ ማንም አይግባበት።

ነፍስ ማዳን ራሱን የቻለ ሥልጠና ነው፤ ፓምፕ ክፍል ውስጥ ያለ ሰው ዋናተኛ መጠበቅ አይችልም። ቢሆንም የገንዳ ሠራተኛውም ይህን ይወቅ፦ ሰው ሲሰጥም ዘሎ ከመግባት በፊት ዘንግ ወይም ቀለበት ይዘረጋል። ከውኃ የወጣው ሰው ራሱን ስቶ የማይተነፍስ ከሆነ በቅድሚያ 5 ትንፋሽ፣ ቀጥሎ 30 የደረት ግፊትና 2 ትንፋሽ እየተፈራረቀ ይሰጠዋል።

በመጨረሻ ገንዳውን የመዝጋት ሥልጣን በጽሑፍ ስጡት። ጥልቁ ጋ ወለል ላይ ያለው የማስወጫ ክዳን ከዳር በግልጽ ካልታየ፣ ወይም ከላላ ወይም ከተሰበረ፣ ሥራ አስኪያጁን ሳይጠብቅ ይዝጋ። ሠርገኞች ለፎቶ እየጠበቁ ቢሆንም።