ለጎንደር ዳገት የትኛው ቪትዝ? ትውልዱን ለይቶ የመግዣ ዘዴ

አንድ ጓደኛዬ ደወለና «ቪትዝ አግኝቻለሁ፣ 2006 ሞዴል ነው፣ ናማ እየው» አለኝ። ሄድኩ። በሩን ሳልከፍት በመስታወቱ አጮልቄ ክሩስኮቶውን (ዳሽቦርዱን) አየሁና «ይሄ 2006 አይደለም» አልኩት። ደላላው ባየኝ አስተያየት ብቻ መሬት ብትውጠኝ ደስ ባለኝ።

አዋቂ ሆኜ አይደለም። ከስድስት ዓመት በፊት እኔ ራሴ በዚሁ መንገድ ተበልቻለሁ። «አዲሱ ቪትዝ ነው» ተብዬ አሮጌውን በአዲሱ ዋጋ ገዛሁ፣ ቀለሙ ያብረቀርቅ ስለነበር ሌላ ነገር ማየት አላስፈለገኝም። ስለዚህ ይሄን የምጽፈው ሌላ ሰው እንዳይበላ ነው።

ዋናው ነገር ይሄ ነው፦ የቶዮታ ቪትዝ አንድ መኪና አይደለም። ሶስት መኪና ነው፣ በአንድ ስም የሚጠራ። ከዓመቱ በፊት ትውልዱን ለዩ፣ ከትውልዱ ቀጥሎ ደግሞ ሞተሩን። ጎንደር ላይ ሞተሩን ሳያዩ መግዛት በኋላ ዳገት ላይ ያስለቅሳል።

ከሩቅ እንጀምር። መንገድ ዳር ቆሞ አያችሁት እንበል። የፊት መስታወቱ ላይ ዝናብ መጥረጊያው ስንት ነው? አንድ ብቻ ከሆነ ሶስተኛው ትውልድ ነው። ሁለት ከሆነ ወይ አንደኛው ወይ ሁለተኛው ነው። ቀጥሎ በመስኮት ወደ ውስጥ እዩ። የፍጥነት መቁጠሪያው ከመሪው ጀርባ፣ እንደ ሌላው መኪና፣ ካለ አሁንም ሶስተኛው ነው። ክሩስኮቶው መሃል ላይ ከሆነ ግን ከሁለቱ አሮጌዎች አንዱ ነው። ከሁለቱ ደግሞ አንደኛው አብዛኛውን ጊዜ ቁጥሩ በዲጂታል የሚበራ፣ ጉድጓድ ውስጥ የገባ የሚመስል ነው። የጃፓኑ ሁለተኛ ትውልድ ግን ቀስት ያለው ክብ ነው። አውሮፓ ከሄዱት ሁለተኛዎች ዲጂታል ያላቸው ስላሉ በዚህ ብቻ አትፍረዱ፣ እሱን ከታች በቁጥር እንጨርሰዋለን።

አሁን ትንሽ ታሪክ፣ ብዙ አልቆይበትም። (ዓመቱን ሁሉ በፈረንጅ አድርጋችሁ ያዙልኝ። ደላላ ዓመት ሲነግራችሁም «በኛ ነው በነሱ?» ብላችሁ ጠይቁ፣ ሰባት ስምንት ዓመት ልዩነት ቀልድ አይደለም።) ቶዮታ ስታርሌትን ጡረታ አስወጥቶ ቪትዝን ያመጣው በ1999 መጀመሪያ ነው። ቅርጹን ያወጣው ሶቲሪስ ኮቮስ የሚባል ግሪካዊ ነው። አውሮፓ ላይ ያሪስ ተብሎ ተሸጠና ለ2000 የአውሮፓ የዓመቱ መኪና ሆኖ ተመረጠ፣ ጃፓንም በአገሩ ሸልማዋለች። ርዝመቱ 3.61 ሜትር ብቻ ነው፣ ፒያሳ ላይ በሁለት ባጃጅ መሃል ይገባል። ሁለተኛው በ2005 የካቲት አካባቢ መጣ፣ 3.75 ሜትር ሆነ። ሶስተኛው በ2010 መጨረሻ ወጣ፣ 3.885 ሜትር። በ2014 ፊቱ ተቀይሮ ከፊት እንደ መስቀል የተጋደመ ቅርጽ ያዘ። በ2020 ቪትዝ የሚለው ስም ጃፓንም ላይ ቀረና ያሪስ ሆነ። ያሪስ የተባለው አራተኛው ለብዙዎቻችን ኪስ ስለማይሆን ዘለልኩት።

አሁን ወደ ቁም ነገሩ። ኮፋኖውን ክፈቱ። እዚያ ወይም በሹፌሩ በር ምሰሶ ላይ ትንሽ የብረት ወይም የተለጠፈ ሰሌዳ አለ፣ ብዙ ጊዜ በአቧራ ተሸፍኖ ስለሚቆይ ጨርቅ ያዙ። ሰሌዳው ላይ ሞዴል የሚል መስመር ታገኛላችሁ። በመሃሉ ሶስት ፊደልና ቁጥር አለ። ቁጥሩ ትውልዱን ይናገራል፦ 10፣ 13 ወይም 15 ከሆነ አንደኛው፣ 90፣ 91 ወይም 95 ከሆነ ሁለተኛው፣ 130፣ 131 ወይም 135 ከሆነ ሶስተኛው። አለቀ። ደላላ ምንም ቢል ሰሌዳው አይዋሽም። የጓደኛዬ «2006» ሰሌዳው ላይ «ኤስ-ሲ-ፒ 10» ይላል። እሱ ሞዴል ጃፓን ላይ በ2005 መጀመሪያ ቆሟል፣ 2006 ሊሆን አይችልም።

ፊደሎቹ ደግሞ ሞተሩን ይናገራሉ፣ እዚህ ጋ ቀስ በሉ። «ኤስ-ሲ-ፒ 10» ማለት አንደኛው ትውልድ፣ 1.0 ሊትር፣ አራት ፒስተን። «ኤስ-ሲ-ፒ 90» ግን፣ ፊደሉ ያው ሆኖ፣ ሁለተኛው ትውልድ 1.3 ነው። «ኬ-ኤስ-ፒ 90» እና «ኬ-ኤስ-ፒ 130» ሁለቱም 1.0 ናቸው፣ ሁለቱም ባለ ሶስት ፒስተን። «ኤን-ኤስ-ፒ 130» የሶስተኛው 1.3 ነው። «ኤን-ሲ-ፒ 91» እና «131» ደግሞ 1.5 ናቸው፣ እነሱን ብዙም አታገኙም። በወረቀት ጻፉና ኪሳችሁ ክተቱት፣ እኔ እስካሁን ስልኬ ላይ አለ።

ይሄ ሁሉ ለምን አስፈለገ? ጎንደር ከባህር ወለል ከ2,100 ሜትር በላይ ነው። አየሩ ስስ ነው። ቱርቦ (አየር ጨምቆ የሚያስገባለት) የሌለው ሞተር እዚህ ከፍታ ላይ ከጉልበቱ አንድ አምስተኛ ገደማ ያጣል። ወረቀት ላይ 70 የፈረስ ጉልበት ያለው የአንደኛው ትውልድ 1.0 እዚህ 55 ገደማ ይዞ ነው የሚሠራው። ያም ሆኖ አንደኛው ቀላል ነው፣ ይገፋል። ችግሩ ሁለተኛው ላይ ነው። ቶዮታ መኪናውን አስረዘመው፣ አሰፋው፣ ከመቶ ኪሎ በላይ ጨመረበት፣ የ1.0 ሞተሩ ጉልበት ግን እዚያው 70 አካባቢ ቀረ። በተጨማሪም ፒስተኑን ከአራት ወደ ሶስት አወረደው። አዲስ አበባ ቀለበት መንገድ ላይ አይታወቅም። ከቀሃ ወደ ፒያሳ አምስት ሰው ጭናችሁ ስትወጡ ግን ትሰሙታላችሁ፣ ሞተሩ ይጮሃል መኪናው ይለምናል።

ስለዚህ ምክሬ ይሄ ነው፣ ብዙ ሰው ባይስማማም። ብቻችሁን ወይም ከባለቤታችሁ ጋር ከአዘዞ ፒያሳ ለምትመላለሱ አንደኛው 1.0 ይበቃል፣ መለዋወጫውም አይጠፋም። ልጆች ካሏችሁ፣ ወይም ባሕር ዳርና ደባርቅ የምትሉ ከሆነ፣ የሁለተኛውን 1.3 ፈልጉ። 87 የፈረስ ጉልበት አለው፣ በኔ ግምት ከሁሉም ለጎንደር የሚስማማው እሱ ነው። የሶስተኛው 1.3 95 አለው፣ ይበልጣል፣ ግን ዋጋውም ይበልጣል። የሁለተኛውን 1.0 ስታገኙ «አዲስ ስለሆነ ይሻላል» እንዳትሉ፣ እኔ እያለኝ ነው የምላችሁ። ዋጋ አልጽፍም። ከ2024 መጀመሪያ ጀምሮ የቤንዚን መኪና ማስገባት ከተከለከለ ወዲህ ዋጋው በየሳምንቱ ይዘላል፣ ዛሬ ብጽፈው እስክታነቡት ይቀየራል።

አሁን ፍተሻ። አንድ ነገር ብቻ ታደርጉ እንደሆነ ይሄን አድርጉ፦ ጠዋት ሂዱ፣ ሻጩ ሳያስነሳው። እጃችሁን ኮፋኖው ላይ አሳርፉ። ሞቅ ካለ «ለምን አስነሳኸው?» በሉ። የቀዘቀዘ ሞተር ነው እውነቱን የሚናገረው። ቁልፉን ስታዞሩ ከፊት የሚንኳኳ የብረት ድምፅ ከሰማችሁ ካቴናውን (የሞተሩን ሰንሰለት) ጠርጥሩ። የቪትዝ ሞተሮች በሙሉ ባለ ካቴና ናቸው፣ በየጊዜው የሚቀየር የታይሚንግ ቺንጋ (የጎማ ቀበቶ) የላቸውም። ይሄ ጥሩ ዜና ነው፣ ግን ዘይት ሳይቀየርለት የኖረ ካቴና ይለጠጣል። ሁለት ደቂቃ ያህል ዝም ብሎ ይቁም፣ ከዚያ አንድ ሰው ነዳጅ ይርገጥ፣ እናንተ ከኋላ ማርሚታው ጋ ቁሙ። ሰማያዊ ጭስ ከወጣ ዘይት ይበላል፣ ፋሻ (የፒስተን ቀለበት) ወይም ከዚያ የባሰ ነው።

ባለ ሶስት ፒስተኑ ቆሞ ሲሠራ ይንቀጠቀጣል። መሪውም ወንበሩም ትንሽ ይርገበገባል። ያ ተፈጥሮው ነው፣ በሱ አትደንግጡ፣ ደግሞ በሱ ተከራክራችሁ ዋጋ ማስቀነስ ትችላላችሁ (ሁሉም ሻጭ አያውቀውም)። ከሚገባው በላይ የሚዘል ከሆነ ግን ካንዴላ ወይም የሞተሩ ጎማ መያዣ ሊሆን ይችላል፣ ለመካኒክ አሳዩ።

ቀጥሎ ዳገት። ወደ ጎሃ ሆቴል የሚወጣው ኮረብታ ለዚህ የተሠራ ይመስለኛል። ከታች ሙሉ በሙሉ ቁሙ፣ ሰው ጫኑ፣ ከዚያ ቀስ ብላችሁ ተነሱ። አንደኛው ትውልድ አውቶማቲክ ከሆነ አብዛኛውን ጊዜ ባለ አራት ማርሽ ነው፣ ሲቀያይር መስማት አለባችሁ፣ ግን ሊገፈትራችሁ አይገባም። የሁለተኛው 1.3 አብዛኛውና ሶስተኛው ሲቪቲ የሚባል አውቶማቲክ ካምቢዮ ያላቸው ናቸው። ሲቪቲ ማርሽ አይቀያይርም፣ ሞተሩ አንድ ድምፅ ይዞ ይወጣል። ይሄን የማያውቅ ሰው «ካምቢዮው ተበላሽቷል» ብሎ ይሸሻል። የሚያሰጋው ሌላ ነው፦ አስፋልት ላይ ሆኖ ሲነሳ ልክ ኮብልስቶን ላይ እንዳለ የሚንቀጠቀጥ ከሆነ ያን መኪና ተዉት። «ዘይቱን መቼ ቀየርከው? የትኛውን አስገባህ?» ብላችሁም ጠይቁ። ሲቪቲ የራሱ ዘይት አለው፣ ተራ የካምቢዮ ዘይት ከገባበት ዕድሜው አጭር ነው። ዳገቱ መሃል ላይ ፊቱን ወደ ቁልቁል አዙራችሁ ቁሙና በኋላ ማርሽ ትንሽ ሽቅብ አስወጡት። ብዙ ድካም የሚታየው እዚያ ጋ ነው።

ስትመለሱ ከላይ ቁልቁል ፍሬኑን ብቻ አትርገጡ፣ ከዲ በታች ወዳለው ማርሽ አውርዱትና ሞተሩ ይያዘው። ካልያዘው ሊማሊሞ ላይ ምን ሊያደርጋችሁ እንደሆነ አስቡ።

አንድ ነገር ደግሞ ብዙ ሰው የማያየው። ከጃፓን በቀጥታ የመጣ ቪትዝ መሪው በቀኝ ነው፣ ስለዚህ ወደ ግራ ተገልብጦ ነው የሚሸጠው። የመሪ ቅየራ በራሱ መኪናውን መጥፎ አያደርገውም። ክሩስኮቶው መሃል ላይ የፍጥነት መቁጠሪያ ስላለ የአንደኛውና የሁለተኛው ቅየራ ቀለል ይላል ይባላል። ግን ሥራው ሰነፍ ከሆነ ክሩስኮቶው ሥር የተቆራረጠ ሽቦ፣ የማይገጥም ፕላስቲክ ታገኛላችሁ። የተገለበጠውን በምን ትለያላችሁ? ሰሌዳውን እንደገና እዩት። ከቁጥሩ ቀጥሎ «ኤል» ካለ ከፋብሪካው ሲወጣ በግራ ነበር። የአውሮፓ ያሪስ ደግሞ ባለ 17 ሆሄ ሻንሲ ቁጥር አለው፣ በ«ቪ-ኤን-ኬ» የሚጀምር ፈረንሳይ የተሠራ ነው፣ በ«ጄ-ቲ-ዲ» የሚጀምር ጃፓን ተሠርቶ ወደ ውጭ የተላከ። አጭር ቁጥር ያለው የጃፓን ገበያ መኪና ነው። ሌላው ምልክት መብራቱ ነው። በመንገዱ ግራ በኩል ለሚነዳበት አገር የተሠራ የፊት መብራት ወደ ግራ ከፍ አድርጎ ይረጫል፣ እኛ ጋ ግራ ማለት የሚመጣው ሰው ዓይን ነው። ማታ ሁሉም መኪና ረጅም መብራት እያበራ የሚሰድባችሁ ከሆነ ጥፋቱ የነሱ አይደለም። ከመግዛታችሁ በፊት ማታ ግድግዳ ፊት አቁማችሁ አብሩት።

የላሜራው ጉዳይ አጭር ነው። ማግኔት ያዙ፣ በጨርቅ ጠቅልላችሁ በፓራፋንጎው (ከጎማው በላይ ባለው ላሜራ) እና በበሮቹ ላይ አሳርፉ፣ ያልያዘበት ቦታ ስቱኮ ነው። የመስታወቶቹን ጥግ ማህተም አወዳድሩ፣ አንዱ ብቻ ከሌሎቹ የተለየ ከሆነ ተሰብሮ ተቀይሯል፣ ለምን እንደተሰበረ ጠይቁ። የወንበር ቀበቶውን እስከ መጨረሻው ጎትቱት፣ ሥሩ ላይ ያለው ጨርቅ ብዙ ጊዜ የተሠራበት ዓመት አለው። ደላላ መኪናውን ሲቀባ ቀበቶውን አይቀባም።

በመጨረሻ ሊብሬውን ይዛችሁ ኮፋኖው ሥር ግቡ። የሻንሲውንና የሞተሩን ቁጥር በስልክ መብራት አንድ በአንድ አስተያዩ፣ አንድ ሆሄ ብትለይ ብር አትስጡ። እኔ የራሴን የገዛሁ ቀን ያልገባሁት ቆሻሻ ስለነበር ለሸሚዜ ፈርቼ ነው። ጓደኛዬ ግን ገባ፣ እጁ ጠቁሮ ወጣ፣ ዋጋውንም እንደ አንደኛ ትውልድ አስተካክሎ ገዛው።